ግምቱ እስኪነበብ

ልጄ ያፌት የሞተው ከችሎቱ በፊት ነው። እኔ የሰማሁት ከችሎቱ በኋላ ነው። በመሃል ጎረቤቶቼ ሁሉ ያውቁ ነበር፤ ጠላታችን የምንለው ባለመሬትም ያውቅ ነበር። ያላወቅኩት እኔ እናቱ ብቻ ነኝ።

ሜላት እባላለሁ። ድሮ የቆንጆ ወጣት ስም ነበር፤ አሁን የአሮጊት ስም ሆኗል። የእኔ ዘመን ሜላቶችና ፌቨኖች ሁላችንንም ጉልበታችንን ያመናል። በወጣትነቴ ሚኒባስ ላይ ረዳት ነበርኩ፣ ሚኒባስ በነበረበት ጊዜ። ጉሮሮዬ የተከፈተው ከመገናኛ ጣፎ እየተጣራሁ ነው። እኔ ስናገር ሰፈር ይነቃል ይሉኛል፤ እውነታቸውን ነው። ይህን የምነግራችሁ ለጉራ እንዳይመስላችሁ። የደረሰብኝ ሁሉ የደረሰብኝ በዚህ ድምፅ ምክንያት ስለሆነ ነው።

የምኖረው ጣፎ መውጫ ላይ ካለ ሕንፃ ነው። ስንገዛው ገና ጉድጓድ ነበር። የሠራው ድርጅት መሬቱን የወሰደው ኦቦ ጉተማ ከሚባሉ ገበሬ ነው፤ ሕንፃው ሲያልቅ ሁለት ፎቅ ሙሉ ለእሳቸው ሊሰጥ፣ የቀረውን ለእኛ ሊሸጥ። ሁሉንም ለእኛ ሸጠና ጠፋ። ጉዱ ይሄው ነው። እኛ የገዛንበት ውል አለን፣ ኦቦ ጉተማ የመሬት ካርታ አላቸው፣ የበላን ሰውዬ የት አገር ፀሐይ እንደሚሞቅ ደግሞ እግዜር ይወቅ። ሌባው ሲጠፋ የተሰረቁት ተካሰሱ። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም እንደሚባለው፣ እኛም አልለቀቅን፣ እሳቸውም አልለቀቁ።

ፍርድ ቤቱ እንዴት እንደሚሠራ ታውቃላችሁ፤ ቢሆንም ልንገራችሁ። ክስ ወዴት እንደሚሄድ የሚወስነው የንብረቱ ግምት ነው። ግምቱ ሕጉ ካስቀመጠው ልክ በላይ ከሆነ ከፍተኛው ፍርድ ቤት ያየዋል። እዚያ ዳኛ አለች፤ ሰው። ትሰማለች፣ ትጠይቃለች፣ ካልገባት ታስደግማለች። ከልኩ በታች ከሆነ ግን ወረዳ ነው፣ ወረዳው ደግሞ ሳጥን ነው፤ ሰው የሌለበት፣ በራሱ የሚፈርድ ማሽን። ሳጥኑ የሚጠይቀው አንድ ጥያቄ ነው፤ መሬቱ በማን ስም ነው? በጉተማ። በቃ፣ ውጡ። ሳጥን ፊት ቆሞ የዕድሜ ልክ ልፋትን ማስረዳት አይቻልም።

ግምቱም እንደ ድሮው ባለሙያ መጥቶ፣ በሜትር ለክቶ፣ ሻይ ጠጥቶ የሚሄድበት አይደለም። ገማቹ አብሮን ይኖራል። በየደረጃው መታጠፊያ ላይ የተለጠፈች እንቁላል የምታክል ነገር ናት። ትሰማለች፣ ታሸታለች፣ ትቆጥራለች። ያሰበችውን የግቢው በር ላይ ባለው ሰሌዳ ታወጣዋለች። ጠዋት ስንወጣ መጀመሪያ የምናየው ሰማዩን ሳይሆን ሰሌዳውን ነው።

የእኛ ግምት ከልኩ በጥቂት ብቻ ከፍ ያለ ነው። ስለዚህ ኑሯችን ሁሉ እሱን መደገፍ ሆነ። ባልና ሚስት ሲጣሉ አስፋልት ተሻግረው ነው የሚሰዳደቡት፤ ሲያበቁ እጅ ለእጅ ተያይዘው ይገባሉ። በርበሬ የሚታመሰው ዘመድ ቤት ተወስዶ ነው። ልጆች በተራ ግቢ ወርደው ይስቃሉ፤ ያኮረፈም ቢሆን ተራው ከደረሰ ይስቃል። አንድ ክረምት ግምቱ አልነሳ ሲለን የማናውቀውን ሰው ሰርግ ለምነን ግቢያችን አስገባን። ሙሽሮቹ ግራ እየገባቸው ጨፈሩ፣ እኛ እልል አልን፣ ሰሌዳው ሽቅብ ወጣ። የዚያን ቀን "ያለ ሜላት እልልታ ምን ይውጠን ነበር" ብለው አመሰገኑኝ። እኔም ጅሏ ደስ አለኝ።

ግምት እንደ ለቅሶ የሚጥለው ነገር የለም። ለምን እንደሆነ እንጃ፤ ሰው የሞተበት ቤት ለገማቹ ያረጀ ቤት ነው። ከዚህ በፊት የታችኛው ፎቅ አዛውንት ሲያርፉ ድንኳን ተክለን ግምቱ ከልኩ በታች ወረደ፣ መዝገባችንም ወደ ሳጥኑ ተመለሰ። እንደገና ወደ ዳኛ ለማውጣት ዓመታት ፈጀብን። ከዚያ ወዲህ እድራችን ደንብ አወጣ፤ ቀጠሮ እስኪያልፍ ድረስ በግቢው ለቅሶ የለም። ሐዘንተኛ ከከተማ ወጣ ብሎ አዳራሽ ይከራያል፣ እዚያ ያለቅሳል፣ ፊቱን ታጥቦ ይመለሳል። ደንቡን ያነበበልን የእድሩ ሊቀመንበር ሮቤል ነው። ሦስተኛ ፎቅ የሚኖር፣ ጡረታ የወጣ የባንክ ሰው፣ ክፉ የማይባል። ክፉ ቢሆንማ ይቀለኝ ነበር።

ያፌት አንድ ልጄ ነው። አፋር በረሃ፣ የእንፋሎት ጉድጓድ ላይ ነበር የሚሠራው። ይቺን ቤት ከፍሎ የጨረሰልኝ እሱ ነው። ለመጨረሻ ጊዜ ስንደዋወል "እማ፣ ችሎቱ ይለቅልሽ እንጂ መጥቼ በረንዳሽ ላይ እተኛለሁ፤ ማንም እንዳይቀሰቅሰኝ" አለኝ። "አንተ ደሞ ከመተኛት ሌላ ምን ታውቃለህ" አልኩት። ሳቀ። ከዚያ ወዲያ ድምፁን አልሰማሁም።

የእንፋሎቱ ቧንቧ ፈንድቶ ገደለው።

አለቆቹ አገር ያወቁ ሰዎች ናቸው። ለእናት በስልክ አይነገርም ብለው ለእድሩ ደወሉ። ወጉ ነው። መርዶ ለጎረቤት ይነገራል፣ ጎረቤት ሽማግሌ ይሰበስባል፣ ንጋት ላይ ሰው ይዞ በር ያንኳኳል። ከሩቅ ዘመድ የቅርብ ጎረቤት ይባል የለ! ወጉን ያወጡት ሰዎች ጎረቤት ሌላ ጉዳይ ሊኖረው ይችላል ብለው አላሰቡም። ስልኩን ያነሳው ሮቤል ነው። ችሎቱ በዚያው ሳምንት ነበር። ዳኛዋ ግቢያችን ድረስ መጥታ፣ ሰሌዳውን በዓይኗ አይታ፣ ግምቱን ልታነብ ነው። ከልኩ በላይ ሆኖ ከተነበበ ዳኝነቱ የእሷ ነው።

ሮቤል የእድሩን ኮሚቴ ሰበሰበ። ሶስናም ነበረችበት፤ በር ለበር የምንኖር፣ ያፌትን አብራኝ ያሳደገች። የተባለውን ሁሉ በኋላ ራሷ ነግራኛለች። አንዱ "እንንገራትና በቀጥታ አዳራሽ እንውሰዳት" ሲል "ሜላትን?" አለች ሶስና፤ "እስከ አዳራሹ ችላ የምትሄድ ይመስላችኋል? ደረጃው ላይ ነው የምትጮኸው።" እውነቷን ነው ተባባሉ። የእኔ ጩኸት ያለ ድንኳንም ግምቱን ይጥለዋል። መርዶ ማቆየት ደግሞ ያለ ነገር ነው፤ ለአራስ ይቆያል፣ ፈተና ላይ ላለ ተማሪ ይቆያል። ለችሎት ቢቆይ ምን አለበት?

አፋር ግን ሙቀቱ ሬሳ አያቆይም። ሰዎቹ መልሰው ደወሉና "እናትየው ትመጣለች ወይስ እንቅበረው?" ብለው ጠየቁ። ሮቤል "ቅበሩት" አለ።

እኔ ያን ሰሞን እንደ አራስ ነው የተያዝኩት። አንዷ ሾርባ ይዛ ትመጣለች፣ አንዷ እግርሽን ልሽሽ ትላለች። በችሎቱ ላይ ስለ ሁላችን የምናገረው እኔ ነኝና ለዚያ መስሎኝ ተመቻቸሁ፤ እንዲያውም ሾርባው ጨው አነሰው እያልኩ እቀብጥ ነበር። ለያፌት ስደውል አይነሳም። ሶስና "በረሃው አውሎ ነፋስ ላይ ነው አሉ፣ መስመር የለም" አለችኝ። ማታ ማታ አብራኝ ትበላለች። መሃል ላይ ተነስታ መታጠቢያ ቤት ትገባና ዓይኗ ቀልቶ ትወጣለች። "ምን ሆነሻል?" ስላት "ጉንፋን" ትለኛለች። ዝንጅብል አፈላሁላት።

ከችሎቱ በፊት በነበረው አመሻሽ ወደ በሩ ወረድኩ። ኦቦ ጉተማ እዚያ ናቸው። ሁልጊዜ ከበሩ ጎን ካለችው ወይራ ሥር ይቀመጣሉ፤ አባታቸው የተከሏት ናት። መልአክ ናቸው አልላችሁም። አንድ ጊዜ የውኃ መስመራችንን በዶማ ቆርጠው ሰንብተናል። ስናልፍ "የሌባ ደንበኞች!" ይሉናል፣ እኔም ዝም ብዬ አላውቅም። ከያፌት ጋር ብቻ ይዋደዱ ነበር። ሲመጣ የአፋር ጨው ያመጣላቸዋል፤ ስለዚህ እኔን ሲያዩኝ ከስድቡ በኋላ "ያ ረጅሙ ልጅ ደህና ነው?" ሳይሉ አይቀሩም።

ያን ቀን አልተሳደቡም። ስደርስ ብድግ አሉ። ለእኔ ተነስተው አያውቁም።

"ምነው ኦቦ፣ ነገ ልንረታዎት ነው ብለው ከወዲሁ ማክበር ጀመሩ?" አልኳቸው።

"ሊሆን ይችላል" አሉ። ቀና ብለው አዩኝና ዓይናቸውን ወደ መሬት መለሱ። "ገብተሽ ተኚ። ብርድ ነው።"

ስለ ያፌት አልጠየቁም። ደረጃውን እየወጣሁ አንድ ነገር የጎደለብኝ መሰለኝ፤ ግን ሐሳቤ ችሎቱ ላይ ነበርና ተውኩት።

በማግስቱ ዳኛዋ መጣች። ወጣት ናት፣ ነጠላ ጫማ ያደረገች። ግቢው መሃል ጥላ ተዘርግቶላት ተቀመጠች። ልጆቻችን በየጥጉ ይስቃሉ። ሰሌዳውን አየች፣ ግምቱን ጮክ ብላ አነበበች፤ ከልኩ በላይ ነው። ያኔ ሁላችንም የያዝነውን ትንፋሽ ለቀቅን። ቀጥላ የኦቦ ጉተማን ጠበቃ "በግምቱ ላይ መቃወሚያ አላችሁ?" አለችው። ጠበቃው ወደ ኦቦ ጆሮ ጎንበስ ብሎ ብዙ አንሾካሾከ። ኦቦ ጉተማ ወደ እኔ አዩ። "የለኝም" አሉ። ጠበቃው ቦርሳውን ዘጋ። እኔ እርጅና ነው ብዬ አለፍኩት።

"ወይዘሮ ሜላት" አለችኝ ዳኛዋ፤ "ይህን ቤት ቢያጡ ሌላ ቤት በግምቱ ልክ ቢሰጥዎት አይበቃም? ይህኛው ለእርስዎ ምንድነው?"

ተነሳሁ። በዚያ በድምፄ፣ ግቢው በሙሉ እንዲሰማ፣ "ክብርት ዳኛ፣ ልጄ የገዛልኝ ቤት ነው። ከበረሃ ሲመጣ የሚተኛበት በረንዳ አለኝ። ሰሞኑን ይመጣል፤ አልጋውን አንጥፌ ነው የምጠብቀው" አልኩ።

አንድም ሰው ቀና አላለም። ሶስና እየሮጠች ደረጃውን ወጣች። ዳኛዋ ፈገግ ብላ ጻፈች።

ከሰዓት በኋላ ተመልሳ ውሳኔውን አነበበችልን። ቤቶቹ የገዢዎች ናቸው። ባለመሬቱ የመሬታቸው ዋጋ ይከፈላቸዋል፤ ዋጋውም ድርጅቱ መሬቱን በወሰደበት ጊዜ በነበረው ግምት ነው። በዚያ ጊዜ መሬቱ የጤፍ ማሳ ነበር። የእኛ በዛሬ ተገመተ፣ የእሳቸው በጥንት ተገመተ፤ የሚያገኙት የእኛን አንድ ሳሎን አይገዛም። ቅር ያለው ይግባኝ ማለት ይችላል አለች። ይግባኝ ከተባለ ግምቱ እንደ አዲስ ይነበባል፤ ያኔ ከልኩ በታች ከተገኘ ውሳኔው ፈርሶ ጉዳዩ ወደ ሳጥኑ ይመለሳል።

እልል ያልኩት እኔ ነኝ። ማንም ሳይጀምር ጀመርኩ። ልጄ አፈር ለብሶ እኔ ግቢ መሃል ቆሜ እልል አልኩ። እስከ ዛሬ ሳስበው ምላሴን ቆርጬ ብጥለው ደስ ይለኛል።

በሚቀጥለው ቀን ሊነጋጋ ሲል በሬ ተንኳኳ። ከፈትኩ። ሮቤል አለ፣ ሶስና አለች፣ ደረጃው በሰው ሞልቷል። "እናንተ ሰዎች፣ ደስታው እንቅልፍ ነሳችሁ እንዴ? ግቡ!" አልኳቸው። አልገቡም። ነጠላቸውን ሁሉም ዘቅዝቀው ለብሰዋል። ያኔ ገባኝ። ያለኝ ሰው አንድ ነው፤ ማን ይሆን ብዬ መጠየቅ አላስፈለገኝም።

አፌን ከፈትኩ፤ ምንም አልወጣም። እንደገና ሞከርኩ። ትንፋሽ እንኳ ጠፋ። ሰዎቹን ሳያቸው የሚያዩት እኔን አይደለም፤ ደረጃው መታጠፊያ ላይ ያለችውን ገማች ነው። ሶስና አፏን በሁለት እጇ ይዛለች።

"መቼ ነው?" አልኩ በመጨረሻ። ድምፄ የሌላ ሰው ነበር።

ሮቤል ነገረኝ።

"ተቀበረ?"

"ተቀብሯል።"

"ማን ቅበሩት አለ?"

"እኔ ነኝ" አለ። አልሸሸገም። "ሜላት፣ ለሁላችን ብዬ ነው። ትጮኺያለሽ ብለን ፈርተን ነው። መኪና ቆሟል፣ አዳራሽ ተከራይተናል፣ እዚያ እንደ ልብሽ..."

"ይኸው አልጮህኩም" አልኩት። "ብትነግረኝ ያኔም አልጮህም ነበር። ዝም ብዬ ሄጄ፣ አፈር አልብሼው፣ ዝም ብዬ እመለስ ነበር። ልጅን አንድ ጊዜ ነው የሚቀብሩት ሮቤል። አንድ ጊዜ ብቻ!"

አዳራሹ አልሄድም ብዬ ቤቴ ተቀመጥኩ። ጎረቤቱ ሁሉ በተራ እየመጣ ምንጣፉ ላይ ይቀመጣል፣ እኔ ግድግዳ አያለሁ። እንባ የለም፣ ድምፅ የለም። ሰሌዳው ንቅንቅ አላለም ብለው ሲንሾካሾኩ ሰምቻቸዋለሁ። እፎይ ብለዋል፣ እፎይ ማለታቸውም አሳፍሯቸዋል። ሶስና እግሬ ሥር ወድቃ ይቅር በዪኝ አለችኝ። ተነሺ አልኳት እንጂ ይቅር አላልኳትም።

አንድ ቀን ከሰዓት ኦቦ ጉተማ በሰው አስጠሩኝ። ደረጃውን አልወጣም ብለዋል፤ "የእኔን ቤት በእንግድነት አልገባም" አሉ አሉ። ወረድኩ። ከወይራዋ ሥር ቦታ ለቀው አስቀመጡኝ።

"እግዜር ያጽናሽ" አሉኝ። "የእህቴ ልጅ ለሚ ከያፌት ጋር ነው የሚሠራው። እሱ ነው የቀበረው።"

"ስለዚህ ያን ዕለት ያውቁ ነበር።"

"አውቅ ነበር።"

"ቢነግሩኝ ኖሮ እዚሁ በሩ ላይ እንደምጮህ፣ ግምቱ እንደሚወርድ፣ እርስዎ እንደሚረቱም ያውቁ ነበር?"

"ጠበቃዬም ይህንኑ ሲነግረኝ ነበር፤ ችሎቱ ላይ ሳይቀር። ንገሯት፣ ንገሯት ይለኛል። ለእናት በር ላይ ቆሞ መርዶ አይነገርም። ደሞስ በልጅሽ ሞት መሬቴን ባስመልስ የአባቴ አጥንት አይወጋኝም? ብትወዱም ባትወዱም፣ ቤታችሁ ቢፈርስ ዛሬም ደስ ይለኛል። እንደዚህ ግን አይደለም።"

ምን ልበላቸው? እንዲያው "እንዴት ቀበሩት?" አልኩ። እስከዚያ ቀን ይህን የነገረኝ ሰው አልነበረም፤ የሚያውቅም የለ።

ቀስ ብለው ነገሩኝ። ጓደኞቹ ለመጠጥ ከሚሰፈርላቸው ውኃ አዋጥተው አጠቡት። በለሚ ጋቢ ገነዙት። ቁመቱ ረጅም ስለሆነ ጋቢው እግሩ ጋ አልደርስ አላቸውና አንዱ የራሱን ሸሚዝ አውልቆ ጨመረበት። ቄስ የለም፤ ዳዊት የሚደግም አንድ ዘበኛ አግኝተው እሱ ደገመለት። ሊያወርዱት ሲሉ ግን ልጆቹ ቆሙ፤ "ልጄ" የሚለው ሰው ሳይኖር እንዴት አፈር ይመለስበታል ብለው። እዚያ ሻይ የምታፈላላቸው አንዲት የአፋር ሴት ነበረች። ሻሿን ከራሷ አውርዳ፣ ከጉድጓዱ አፍ ተቀምጣ፣ በራሷ ቋንቋ ልጄ፣ ልጄ ብላ አለቀሰችለት።

"በእኔ ቦታ?" አልኩ።

"በአንቺ ቦታ" አሉ ኦቦ ጉተማ።

ያኔ ድምፄ መጣ። ከየት እንደመጣ አላውቅም። ያፌት! አልኩ፤ የሕንፃው መስታወት እስኪንቀጠቀጥ። ያፌቴ! በረንዳው ላይ ማን ይተኛልኝ! ደረቴን መታሁ፣ መሬቱን መታሁ። ከላይ መስኮቶች ተከፈቱ፣ ወዲያው ደግሞ አንድ በአንድ ተዘጉ። ሰሌዳው ቁልቁል መውረድ ጀመረ።

ሮቤል በቤት ጫማው እየሮጠ ወጣ። "ሜላት! እግርሽ ላይ ልውደቅ! የይግባኙ ጊዜ እኮ አላለፈም! ትንሽ ቀን፣ ትንሽ ቀን ብቻ ቻይው!"

"ተዋት" አሉት ኦቦ ጉተማ።

"ኦቦ፣ እርስዎ አልገባዎትም፣ ግምቱ ከልኩ በታች ከወረደና ይግባኝ ከተባለ..."

"ይግባኝ የሚለው ማነው?" አሉት። ምርኩዛቸውን ይዘው ተነሱ። ወይራዋን አዩ፣ ሕንፃውን ሽቅብ አዩ። "እኔ ነኝ አይደል? አልልም። ይግባኝ አልልም። ለጠበቃው ዛሬውኑ እነግረዋለሁ፣ አንተም ምስክር ነህ። አሁን ተዋት፣ ታልቅስበት።"

ሮቤል እንደቆመ ቀረ። ኦቦ ጉተማም ተመልሰው አጠገቤ ተቀመጡና ፊታቸውን በጋቢያቸው ሸፈኑ። አይሆንም ኦቦ፣ መሬትዎን ለእኔ እንባ አይስጡ ልላቸው ይገባ ነበር። እኔ ግን ልጄን እየጠራሁ ነበር።